ልጁ ይጫወት፤ 50 ዶላሯ ትቅር

የዛሬዋ ጠያቂያችን የምትኖረው ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ ነው። ደብዳቤዋን በትንሹ አሳጥሬዋለሁ።

«ጋሼ፣ ጤና ይስጥልኝ። ልጃችን 17 ዓመቱ ነው፣ 11ኛ ክፍል። ከልጅነቱ ጀምሮ በአንድ የሰፈር ክለብ ውስጥ ኳስ ይጫወታል። ክለቡ ከሕፃናት ጀምሮ የታዳጊ ቡድኖች አሉት፤ በሰመር ደግሞ በሰሚ ፕሮ (ከፊል ፕሮፌሽናል በሚባል) ሊግ የሚወዳደር ዋና ቡድን አለው። ባለፈው ወር አሰልጣኙ ‹ከሜይ ጀምሮ ከዋናው ቡድን ጋር ይለማመድ፣ እናሰልፈዋለን› አሉን። የቡድን መሪው ደግሞ በተሰለፈ ቁጥር ‹የቤንዚን› 50 ዶላር እንደሚሰጠውና አንድ ወረቀት እንደሚፈርም ነገረን። ሜዳው ከቤታችን አሥር ደቂቃ ነው።

ባለቤቴ ከዚያን ቀን ጀምሮ እግሩ መሬት አልነካም። ‹ልጄ ፕሮፌሽናል ሆነ› ብሎ አዲስ አበባ ድረስ ደውሏል። 12ኛን ሲጨርስ ኮሌጁን ሁለት ዓመት ያቆየውና ኳሱ ላይ ያተኩር ይላል። እኔ ሌሊት ሌሊት የምሠራው ለትምህርቱ ብዬ ነው። ለክለቡ በዓመት 3,000 ዶላር ገደማ እንከፍላለን፣ ሆቴልና ጉዞ ሳይጨመር። የ12 ዓመቷ ልጃችንም እዚያው ትጫወት ነበር፤ ለሁለት መክፈል ስላቃተን ዘንድሮ አቆመች። አሁን እኔና ባለቤቴ በወጉ አንነጋገርም። በዚያ ላይ ልጁ በጁላይ ለኢትዮጵያውያኑ ውድድር ከከተማችን ቡድን ጋር እንዲሰለፍ ባለቤቴ ለጓደኞቹ ቃል ገብቷል። ምን ይሻለኛል?»

እህቴ፣ መጀመሪያ እንኳን ደስ አላችሁ። ለወጉ አይደለም የምልሽ። በ17 ዓመት ዋናው ቡድን መጠራት ቀላል ነገር አይደለም። መልሴን ከፊት ላስቀምጠው። ልጁ ይጫወት። 50 ዶላሯን አይቀበል። ወረቀቱ ቃል በቃል ሳይነበብ አይፈረም። ኮሌጁ በጊዜው ይቀጥላል።

አሁን ወደ ባለቤትሽ ቃል ልምጣ። ፕሮፌሽናል ያለው ነገር ማለቴ ነው። እንደ ዩኤስኤል ሊግ ቱ እና ኤንፒኤስኤል ያሉት የሰመር ሊጎች ሲታዩ ትልቅ ነገር ይመስላሉ። ማሊያው ያምራል፣ የጨዋታ ፖስተር ይለጠፋል፣ አንዳንዱ ጨዋታ በኢንተርኔት በቀጥታ ይተላለፋል። ግን ሊግ ቱ ለምን ከሜይ እስከ ጁላይ ብቻ እንደሚካሄድ ጠይቂው። የኮሌጅ ልጆች ከትምህርት ነፃ የሚሆኑት ያኔ ስለሆነ ነው። አብዛኞቹ ተጫዋቾች ሰመሩ ሲያልቅ ወደየዩኒቨርሲቲያቸው ተመልሰው የሚጫወቱ ተማሪዎች ናቸው። ደመወዝ የማይቀበሉትም የኮሌጅ መጫወቻ መብታቸው እንዳይነካ ነው። እንግዲህ ባለቤትሽ ልጁን ከኮሌጅ አስቀርቶ ሊያስገባው የፈለገው ቡድን በኮሌጅ ተማሪዎች የተሞላ ነው። ይቺን ብቻ ቡና ላይ ንገሪው። ምንም አትጨምሪባት።

ካላመነ አንድ ቅዳሜ ማታ ሄዳችሁ ጨዋታ እዩ። ሜዳው ብዙውን ጊዜ የሃይስኩል ነው፣ ሰው ሠራሽ ሣር የለበሰ። በሩ ላይ ጠረጴዛ ተዘርግቶ ከወላጆች አንዷ ትኬት ትቆርጣለች። የክለቡ ትንንሽ ልጆች ከመስመር ውጪ ቆመው ኳስ ያቀብላሉ። ተጫዋቾቹ በየመኪናቸው ይመጣሉ፤ አንዱ ከሥራ በቀጥታ መጥቶ መኪና ውስጥ ታኬታውን ያጠልቃል። ጨዋታው ሲያልቅ የኳሱን ከረጢት የሚሸከመው በዕድሜ ትንሹ ነው። ያንቺ ልጅ መሆኑ ነው፣ አይክፋሽ።

ይህን ስልሽ እያናናቅኩት አይደለም። እዚያው እናንተ አጠገብ ክሪስቶስ ኤፍሲ የሚባል የባልቲሞር አካባቢ አማተር ቡድን አለ። ስሙን ያገኘው ከአንድ የመጠጥ መሸጫ ሱቅ ነው። ተጫዋቾቹ ቀን ቀን ሌላ ሥራ ያላቸው ሰዎች ነበሩ። በ2017 አማተሩም ፕሮፌሽናሉም በሚወዳደርበት በዩኤስ ኦፕን ካፕ ማጣሪያውን ሁሉ አልፈው የፕሮፌሽናሉን ቡድን ዲሲ ዩናይትድን ገጠሙ። በቅጣት ምት ቀድመው አገቡ። ኋላ 4 ለ 1 ተሸነፉ እንጂ ያን ማታ ሜሪላንድ ውስጥ ስለ ሌላ ነገር የሚያወራ ኳስ ወዳድ አልነበረም። ኳሱ የምር ነው። ኑሮ አይሆንም እንጂ።

ወደ 50 ዶላሯ እንምጣ። ሜዳው አሥር ደቂቃ ነው ብለሻል። ለአሥር ደቂቃ መንገድ የ50 ዶላር ቤንዚን የምትጠጣ መኪና ካለቻችሁ እሷን ቶሎ ሽጧት። የኮሌጅ ስፖርትን የሚያስተዳድረው ኤንሲኤኤ ዋና ሐሳቡ እንዲህ ነው፤ ገና ኮሌጅ ያልገባ ልጅ ከትልልቆቹ ጋር መጫወቱ በራሱ አያስቀጣውም። ችግር የሚመጣው ለመጫወት ከሚያስፈልገው እውነተኛ ወጪ በላይ ገንዘብ ሲቀበል ነው። ክለቡ ሌላ ከተማ ሲወስደው ትራንስፖርቱን፣ ምግቡንና ማደሪያውን ቢችል ያ ወጪ ነው። «በተሰለፍክ ቁጥር 50» ግን ስሙን ምንም ብትዪው ክፍያ ይመስላል። ለዚያውም የሰመር ሊግ ቢበዛ ከአሥራ ምናምን ጨዋታ አይዘልም። ሁሉንም ቢሰለፍ 700 ዶላር ቢደርስ ነው። ለክለቡ 3,000 እየከፈላችሁ 700 ልትቀበሉ! ከእጅ አይሻል ዶማ ማለት ይኼ ነው። የቡድን መሪውን በትሕትና «ገንዘቡ ይቅርብን፤ ለብቻው ደግሞ ከክፍያችን ላይ በችግር ምክንያት ቅናሽ እንጠይቃለን» በሉት። ሁለቱ ነገሮች የተለያዩ ስለሆኑ ቅናሹን በተለየ ማመልከቻ ጠይቁ። ለመጫወቱ የተሰጠ ካሳ እንዳይመስል።

ባለቤትሽ «አሁን የኮሌጅ ልጆች ይከፈላቸው የለ እንዴ?» ማለቱ አይቀርም። አልተሳሳተም። ከ2021 ጀምሮ በስማቸውና በምስላቸው ማስታወቂያ ሠርተው ማግኘት ተፈቅዶላቸዋል፤ ከ2025 ወዲህ ደግሞ ዩኒቨርሲቲዎች ራሳቸው ለተጫዋቾቻቸው መክፈል ይችላሉ። ነገር ግን ኮሌጅ ሳይገቡ ከክለብ የመጫወቻ ክፍያ መቀበል ሌላ መዝገብ ነው። ደንቡ ደግሞ በዚህ ሰሞን ቶሎ ቶሎ እየተቀየረ ነው። ስለዚህ ከኔም ከጎረቤትም ወሬ አትያዙ። ልጁ የተጫዋቾችን ብቁነት በሚያጣራው በኤንሲኤኤ ኤሊጂቢሊቲ ሴንተር አካውንት ከፍቶ ራሱ ይጠይቅ። የሃይስኩሉን የስፖርት ኃላፊም አንድ ኢሜይል ይላክለት፤ የትምህርት ቤት ቡድን ውስጥ ካለ እዚያም የራሱ ሕግ አለ።

ወረቀቱ ምን እንደሚል አላየሁትም። ተራ የምዝገባ ቅጽ ሊሆን ይችላል፤ ጉዳት ቢደርስ ክለቡ አይጠየቅም የሚል ስምምነትም ሊሆን ይችላል። «የፕሮፌሽናል ተጫዋች ውል» የሚል ከሆነ፣ ወይም ደመወዝ፣ ኮሚሽን፣ ወኪል የሚሉ ቃላት ካሉበት ብዕሩን አስቀምጡ። 18 ስላልሞላው ከእናንተ አንዳችሁ አብራችሁ ፈርሙ መባላችሁ አይቀርም። ኮፒውን ቤት ይዛችሁ ሂዱ። «እዚሁ አሁን ፈርሙ» የሚል ሰው ካለ ያ ራሱ መልስ ነው።

ሁለት ዓመት ማረፍ ስለሚባለው ነገር። 12ኛን ጨርሶ ኮሌጅ ሳይገባ በተደራጀ ውድድር የሚቆይ ልጅ በኋላ ኮሌጅ ሲገባ ከመጫወቻ ዓመታቱ ሊቀነስበት ይችላል። ማለት ኳሱን ለማዳን ብለው ኳሱን ይጎዱታል። በአንጻሩ የዲቪዥን አንድ፣ ማለትም የከፍተኛው የኮሌጅ ስፖርት ደረጃ፣ አሰልጣኞች አንድን የእግር ኳስ ተጫዋች 10ኛን ከጨረሰ በኋላ ካለው ጁን 15 ጀምሮ በቀጥታ ማነጋገር ይችላሉ። ያንቺ ልጅ 11ኛ ነው። በሩ ተከፍቷል። ስልክ እስኪደወል አትጠብቁ፤ ራሱ ይጻፍላቸው። የሰመሩ ጨዋታ ጥቅሙ እዚህ ላይ ነው። ከሃያ ሁለትና ሃያ ሦስት ዓመት ወጣቶች ጋር ሲጋፋ የሚያሳይ የአምስት ደቂቃ ቪዲዮ ይኖረዋል። አሰልጣኞች ታዳጊ ለታዳጊ ሲጫወት ከሚያዩት ይልቅ ይኼኛው ይገባቸዋል። ከቪዲዮው ጋር የጨዋታ ፕሮግራሙንና የትምህርት ውጤቱን ይላክ።

ውጤቱን የምለው ለማሳመር አይደለም። ለዲቪዥን አንድ ብቁ ለመሆን በሃይስኩል 16 የተወሰኑ ዋና ዋና ኮርሶችና በእነሱም ቢያንስ 2.3 አማካይ ውጤት ያስፈልጋል። ከ16ቱ አሥሩ ደግሞ 12ኛ ከመግባቱ በፊት ማለቅ አለባቸው። ልጅሽ 11ኛ ስለሆነ ይህ የዘንድሮ ጉዳይ ነው። በዚህ ሳምንት የትምህርት ቤቱን አማካሪ አግኝታችሁ ቁጠሩት። ለኔ ከ50 ዶላሯም ከወረቀቱም የሚቀድመው ይኼ ነው።

ስለ ስኮላርሺፕም ቅጩን ልንገርሽ። እስከ 2025 ድረስ አንድ የዲቪዥን አንድ የወንዶች ቡድን ቢበዛ 9.9 ሙሉ ስኮላርሺፕ ነበር መስጠት የሚችለው። እሱ ለሃያ ምናምን ልጅ ይከፋፈላል። ሙሉ የሚያገኘው በጣት የሚቆጠር ነው። አሁን ያ ገደብ ለብዙ ትምህርት ቤቶች ተነስቷል፤ ግን ገደብ ተነሳ ማለት ትምህርት ቤቱ ገንዘብ አለው ማለት አይደለም። ዲቪዥን ሦስት ደግሞ በስፖርት ስም ሳንቲም አይሰጥም፣ በችግርና በውጤት ግን ይሰጣል። ለብዙ ልጆች ከእግራቸው ይልቅ ከደብተራቸው የሚመጣው ገንዘብ ይበልጣል። አጠገባችሁ ያለውን ሞንትጎመሪ ኮሌጅንም አትናቁት። ኳስ ቡድን አለው፣ ክፍያው ይቀላል፣ ቤቱ እየኖረ ይማራል፣ ሁለት ዓመት ቆይቶ ወደ ዩኒቨርሲቲ ይዛወራል። ባለቤትሽ የሚፈልገው ሁለት ዓመት ኳስ እዚያ ውስጥ አለ። አንቺ የምትፈልጊው ትምህርትም አለ።

እንደምገምተው ባለቤትሽ ጌዲዮን ዘላለምን ይጠቅሳል። በአካባቢያችሁ የማይጠቅሰው አባት የለም። ሐቁ እንዲህ ነው። ከኢትዮጵያውያን ወላጆች በርሊን ተወለደ፣ በልጅነቱ ሜሪላንድ መጣ፣ ኦልኒ ሬንጀርስ በሚባል የታዳጊ ክለብ ተጫወተ፣ በ2013 ገና በ16 ዓመቱ አርሰናል ገባ። ግን በዚያ ዕድሜ እንግሊዝ ለመግባት የጀርመን ፓስፖርቱ መንገድ ከፍቶለታል። በፊፋ ሕግ ከ18 ዓመት በታች የሆነ ተጫዋች ከአገር አገር አይዛወርም፤ ጥቂት ልዩ ሁኔታዎች አሉ፣ አንዱ 16 ዓመት ለሞላው በአውሮፓ ኅብረት ውስጥ የሚደረግ ዝውውር ነው፤ እንግሊዝም ያኔ ኅብረቱ ውስጥ ነበረች። በ2017 ደግሞ በዓለም ከ20 ዓመት በታች ዋንጫ ላይ ጉልበቱን ክፉኛ ተጎዳ። ድንቅ ችሎታ የነበረው ልጅ ነው፤ መንገዱ ግን እሱንም ፈትኖታል። ሲሉ ሰምታ ዶሮ ታንቃ ሞተች እንዳይሆን ነው የምለው። እናም ማንም «ወኪል ነኝ፣ አውሮፓ ለሙከራ ልውሰደው» ብሎ ገንዘብ ቢጠይቃችሁ በሩን አሳዩት።

አንቺ ያላነሳሽው ነገር አለ። ልጅሽ ሕፃን ባይሆንም በሕግ ገና ልጅ ነው፤ አብረውት የሚጫወቱት ደግሞ ትልልቅ ወንዶች ናቸው። በ2018 የወጣ የፌዴራል ሕግ አለ፤ በስፖርት ውስጥ ልጆችን ለመጠበቅ የወጣ ነው፣ አስፈጻሚው ሴፍ ስፖርት የሚባለው ማዕከል ነው። ከዚያ የመጡት ደንቦች አሰልጣኝና ሌላ ኃላፊነት ያለው አዋቂ ከልጅ ጋር ብቻውን እንዳይሆን ይገድባሉ። መኪና ውስጥ፣ ሆቴል ክፍል ውስጥ፣ በቴክስትም ጭምር። አሰልጣኙን «ለርቀት ጨዋታ ከማን ጋር ይሄዳል? ከማን ጋር ያድራል? ቴክስት ስትልኩለት እኛንም ታስገቡናላችሁ?» ብለሽ ጠይቂ። ጥሩ ክለብ በዚህ አይቆጣም። መልሱ ተዘጋጅቶ ይጠብቅሻል። ኢንሹራንሱንም አብረሽ ጠይቂ፤ የክለብ ኢንሹራንስ ብዙ ጊዜ የሚከፍለው የቤተሰቡ ከከፈለ በኋላ ነው።

አሁን ወደ አንዲት መስመር ልመለስ። «ለሁለት መክፈል ስላቃተን ዘንድሮ አቆመች።» ስለ ወንድ ልጅሽ ብዙ ጽፈሽ ስለ ሴቷ የጻፍሽው ይኼን ብቻ ነው። እኔ ደብዳቤሽን ሳነብ የቆምኩት እዚህ ላይ ነበር። ቤታችሁ ውስጥ ሳትነጋገሩ የወሰናችሁት ውሳኔ ይኼ ይመስለኛል፤ ማን እንደወሰነው እንኳ የምታውቁ አይመስለኝም። እሺ፣ ፍትሑን ተዪው፣ በገንዘብ እንነጋገር። የወንዶቹ 9.9 በነበረበት ዘመን ለሴቶች ቡድን የተፈቀደው 14 ነበር። የሴቶች እግር ኳስ ቡድን ያላቸው የዲቪዥን አንድ ትምህርት ቤቶች ከ300 በላይ ናቸው፤ የወንዶቹ 200 ትንሽ አለፍ ቢል ነው። በ1972 የወጣው፣ በትምህርት ቤቶች የፆታ አድልዎን የሚከለክለው ታይትል ናይን የሚባለው ሕግ ያመጣው ለውጥ ነው። በሰመርም ከ2022 ጀምሮ ዩኤስኤል ደብልዩ ሊግ የሚባል የሴቶች ውድድር አለ። ኳስን እንደ ትምህርት መክፈያ ካሰባችሁት ዕድሉ የሚሰፋው ለሷ ነው። ካላሰባችሁትም፣ የ12 ዓመት ልጅ ወንድሟ ሲጨበጨብለት ቤት ቁጭ ማለቷን አትረሳውም።

ስለዚህ ክለቡ ጋ ስትሄጂ የምትጠይቂው ቅናሽ የሷ ይሁን። አብዛኞቹ እንዲህ ያሉ ክለቦች ለትርፍ ያልተቋቋሙ ናቸው፣ ቦርድ አላቸው፣ ለተቸገሩ ቤተሰቦች የሚመድቡት ገንዘብም አላቸው። ብዙ ወገኖቻችን አይጠይቁም። ያፍራሉ። ማመልከቻው ብዙውን ጊዜ የታክስ ወረቀት ወይም የትምህርት ቤት የነፃ ምሳ ደብዳቤ ነው የሚጠይቀው። ቶሎ አመልክቱ፣ ገንዘቡ ወቅቱ ሳይጀምር ነው የሚያልቀው። «በጀት የለንም» ካሉሽ፣ ለትርፍ ያልተቋቋመ ድርጅት በየዓመቱ ለመንግሥት የሚያስገባው ፎርም 990 የሚባል ሪፖርት ለሕዝብ ክፍት ነው። ኢንተርኔት ላይ ይገኛል። ስንት ገባ፣ ለምን ወጣ፣ ታይዋለሽ። ለጠብ አይደለም፣ ስትነጋገሪ ባዶ እጅሽን እንዳትሆኚ ነው።

ባለቤትሽን አትጫኚው። አዲስ አበባ ድረስ የደወለ ሰው «ፕሮፌሽናል አይደለም» ሲባል የሚያፍረው በልጁ ፊት ነው። ልጁ በሌለበት ንገሪው። አሰልጣኙን አብራችሁ አነጋግሩት፤ ካንቺ ከሚሰማው ይልቅ ከአሰልጣኙ አፍ «እኛ ጋ ያሉት ሁሉ ኮሌጅ ናቸው» ሲባል ይሻለዋል። ልጁንም «አንተስ ምን ትፈልጋለህ?» ብላችሁ ጠይቁት። በደብዳቤሽ ውስጥ የሁላችሁም ሐሳብ አለ፣ የሱ የለም።

የጁላዩ ነገር ብቻ ቀረ። የሰሜን አሜሪካ የኢትዮጵያውያን ስፖርት ፌዴሬሽን ከ1984 ጀምሮ በየዓመቱ በጁላይ 4 ሰሞን የሚያዘጋጀው ውድድር ለኛ ምን እንደሆነ ለአንቺ አልነግርሽም። ኳሱም፣ ዘፈኑም፣ ክትፎውም፣ ሃያ ዓመት ያልተያየ ጓደኛም ያለው እዚያ ነው። ችግሩ ያ ሳምንት የሰመር ሊጉ ትኩስ የሚሆንበት ጊዜም መሆኑ ነው። በአንድ ሳምንት ለሁለት ቡድን መሰለፍ ለ17 ዓመት ጉልበት ጥሩ አይደለም፣ አሰልጣኙም አይወደውም። ዘንድሮ ክለቡን ያስቀድም። ባለቤትሽ ለጓደኞቹ ቃል ሲገባ ልጁን አልጠየቀውም፤ ቃሉን እሱ ያንሳ። ልጁ ለማየት ቢሄድ ግን ደስ ይለኛል፣ እህቱም ጭምር። ብቻ የአውሮፕላን ትኬቱን ከመቁረጣችሁ በፊት የጁላይን የጨዋታ ፕሮግራም ከአሰልጣኙ ተቀበሉ።